የሙጋዱ ሱቅና የዘጠኝ ወር ኪራይ

የዚህ ሳምንት ደብዳቤ ከደሴ ነው የመጣው። ረጅም ስለሆነ አሳጥሬዋለሁ፤ ስሞቹንም አውጥቻለሁ።

«አሰላሙ አለይኩም። አባቴ ሙጋድ አካባቢ አንዲት ሱቅ ትቶልን በ2016 ዓ.ም. አረፈ። ተከራዩ የአባቴ ወዳጅ ናቸው፣ ጋሼ እያልኩ ነው ያደግሁት። ጨርቃ ጨርቅ ይሸጣሉ። ውሉ በመስከረም 2013 የተጻፈ የሁለት ዓመት ውል ነው፤ ከዚያ ወዲህ አልታደሰም። ወረቀቱ ላይ ኪራዩ በወር 4,000 ብር ይላል፤ በቃል የተስማሙት ግን 9,000 ነው። ምክንያቱን ያውቁታል። አባቴ ካረፈ በኋላ ኪራዩን በቴሌብር ለእኔ ይልኩልኝ ነበር። የ2017ን ጥር፣ የካቲትና መጋቢት ዘለሉ። የሚያዝያንና የግንቦትን ከፈሉ፣ ደረሰኝ ጽፌ ሰጠኋቸው። ከሰኔ እስከ ኅዳር 2018 ደግሞ ምንም የለም። ስጠይቃቸው አንዴ ‹ገበያው ሞቷል› ይላሉ፣ አንዴ ‹ጣሪያውን ያሳደስኩበት ይታሰብልኝ›። በመጨረሻ ‹አዲሱ አዋጅ ተከራይ ሁለት ዓመት አይነካም ይላል› አሉኝ። በጦርነቱ ጊዜም ሦስት ወር ሳይከፍሉ ቀርተዋል። ሁሉንም ስደምረው 108,000 ብር ሆነ። ወንድሜ ጅዳ ነው። እናቴ ታማለች። የአጎቴ ልጅ ‹ሌሊት ሄደን ቁልፉን እንቀይርና እንገላገል› ይላል። ልቀይር? ገንዘቡንስ አገኘዋለሁ?»

ወአለይኩም ሰላም። አብሽሪ እህቴ። በዕድሜ ልጄ ስለምትሆኚ አንቺ ብዬሻለሁ፣ አትቀየሚኝ።

መጀመሪያ የቁልፉን ነገር እንጨርስ። አትቀይሪ። ሱቁ የእናንተ ነው፣ ይዘውት ያሉት ግን እሳቸው ናቸው። በእጁ ያለን ቤት በጉልበት የተነጠቀ ሰው፣ ኪራይ ያልከፈለ እንኳ ቢሆን፣ ሕጉ ይሰማዋል። ቁልፉ በተቀየረ ማግስት «ሁከት ይወገድልኝ» ብለው ክስ ይመሠርታሉ። ያኔ ከሳሽ እሳቸው፣ ተከሳሽ አንቺ ትሆናላችሁ። ዳኛውም «ኪራይ ከፍለዋል ወይ?» አይልም። «በጉልበት አስወጥተሻል ወይ?» ነው የሚለው። ነገሩ በወንጀልም ሊያስጠይቅሽ ይችላል።

ኮምቦልቻ ላይ አንድ ባለቤት እንዲሁ የሰው ምክር ሰምቶ በተከራዩ ሱቅ ላይ የራሱን ጓጉንቸር ደረበበት። ዕቃውን አልነካም፣ አልቆጠረምም። ጥፋቱም እዚያ ላይ ነበር። ተከራዩ ፍርድ ቤት የመጣው ሁለት ገጽ ሙሉ የዕቃ ዝርዝር ይዞ ነው፦ ይህን ያህል ሽቶ፣ ይህን ያህል ቅባት፣ መሳቢያ ውስጥ ጥሬ ገንዘብ። አልነበረም ብሎ የሚመሰክር ማን አለ? የስድስት ወር ኪራይ ሊቀበል የተነሣው ሰውዬ ከፍሎ ወጣ። መብራት ማስቆረጥም፣ ደጃፍ ላይ አሸዋ ማስደፋትም ያው ነው። የአጎትሽን ልጅ ጉልበት ለሌላ ሥራ እንፈልገዋለን፤ ኋላ እመለስበታለሁ።

አዋጅ ያሉት ሰምተው እንጂ አንብበው አይመስለኝም። አዋጅ ቁጥር 1320/2016 አለ፣ የሁለት ዓመት ነገርም አለበት። ግን ገና ከርዕሱ «የመኖሪያ ቤት ኪራይ» ነው የሚለው። ጨርቅ የሚሸጥበትን ሱቅ አይመለከትም። የእናንተ ጉዳይ የሚዳኘው በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። በቁጣ ሳይሆን በእርጋታ ንገሪያቸው። ብዙ ነጋዴ በዚህ ተሳስቷል፤ አንዳንድ አከራይም ያለምክንያት ደንግጦበታል።

አሁን ወደ 108,000ው። ልብሽን ላሳዝነው ነው፣ ተዘጋጂ።

የጦርነቱን ሦስት ወር ተዪው። ያልሽው የ2014ን ጥቅምት፣ ኅዳርና ታኅሣሥ ይመስለኛል። የቤት ኪራይ መክፈያው ከደረሰ ሁለት ዓመት ካለፈው ሕጉ እንደተከፈለ ይገምተዋል። ይኸኛው አራት ዓመት ሆኖታል። ደግሞ ያን ጊዜ ደሴ ምን ላይ እንደነበረች አንቺም ታውቂያለሽ። የትኛው ሱቅ ነበር የተከፈተው? የትኛውስ ሳይዘረፍ ተረፈ? ዳኛውም የደሴ ሰው ነው። ይህን ይዘሽ ብትቀርቢ የቀረውን ጥያቄሽን ሁሉ ስግብግብ ያስመስልብሻል። 27,000 ብር ወረደ። ቀረ 81,000።

ቀጥሎ ጥር፣ የካቲትና መጋቢት። እዚህ ላይ አንድ ነገር ሠርተሻል፤ ሳታውቂው ነው። የሚያዝያን ተቀብለሽ ደረሰኝ ስትጽፊ «የቀድሞዎቹ ሦስት ወራት አልተከፈሉም» የሚል ቃል አልጨመርሽበትም። በየወሩ ለሚከፈል ነገር የአንዱን ወር ደረሰኝ ምንም ሳይጠቅስ የሰጠ ሰው የበፊቶቹን እንደተቀበለ ይገመታል። ተከራይሽ ጠበቃ ካቆሙ መጀመሪያ የሚያወጡት ያንን ደረሰኝ ነው።

ግምት ግን ይፈርሳል። ማፍረሻውንም አንቺው ልከሽልኛል፣ ሳታስቢው። ከደብዳቤሽ ጋር ካያያዝሻቸው የስልክ መልእክቶች አንዱ፣ በግንቦት የተላከው፣ እንዲህ ይላል፦ «ልጄ የጥሩንም አልረሳሁትም። የጥር የየካቲት የመጋቢት አለብኝ። ረመዳን አልፎ እቃው አልሄደልኝም ትንሽ ታገሽኝ»። ይህች መልእክት ሦስት ወር ኪራይ ናት። ስልክሽን አትሽጪ፣ ፎርማት አታስደርጊ፣ ለልጅ ጌም አትስጪ። ስክሪንሾት አንሺና ለወንድምሽም ላኪለት። የኤሌክትሮኒክ ግብይት አዋጅ ቁጥር 1205/2012 ከወጣ ወዲህ መልእክት በስልክ ስለሆነ ብቻ ማስረጃ አይሆንም ማለት ቀርቷል። ዋናው ስልክ ግን በእጅሽ ይኑር፤ «ፎቶሾፕ ነው» የሚል ክርክር ፍርድ ቤት ሰልችቶታል፣ ቢሆንም ይነሣል።

ከባዱ አሁን ነው የሚመጣው። ዘጠኙ ወር በስንት ይባዛ? በ9,000 ከሆነ 81,000 ነው። በ4,000 ከሆነ 36,000።

«ምክንያቱን ያውቁታል» ብለሻል። አዎ፣ አውቀዋለሁ። ግብር ነው። ከአራዳ እስከ ሸዋ በር ብዙ ሱቅ ሁለት ዋጋ አለው፣ አንድ የወረቀት፣ አንድ የአፍ። ሰላም እስካለ ድረስ ሁሉም ደስ ብሎት ይኖራል። የተጣሉ ዕለት ግን የሚናገረው ወረቀቱ ነው። በጽሑፍ ያለን ውል «እንዲህ አልነበረም» ብሎ በሰው ምስክር ማፍረስ አይቻልም። አባትሽና ተከራዩ ሲስማሙ ቡና ያፈሉላቸው ጎረቤት በሕይወት ቢኖሩም፣ አቦሉን ቀድተው ሁሉንም ሰምተው ቢሆንም፣ በዚህ ላይ አይረዱሽም።

ያለሽ አንድ መንገድ ነው። የጽሑፉ ውል ሁለት ዓመቱን በመስከረም 2015 ጨርሷል። ከዚያ በኋላ እሳቸው ተቀመጡ፣ እናንተም ዝም ብላችሁ ኪራይ ተቀበላችሁ። ሕጉ ይህን ጊዜው ያልተወሰነ ኪራይ ይለዋል። በዚህ ጊዜ ውስጥ በየወሩ 9,000 ብር በቴሌብር ገብቶልሻል። ስለዚህ «ውሉ ካለቀ በኋላ የተስማማንበት ዋጋ 9,000 ነው፣ የከፈሉትም ይህንኑ ነው» ብለሽ ትከራከሪያለሽ። በሰው ምስክር ሳይሆን እሳቸው ራሳቸው በላኩት ገንዘብ ነው የምታስረጂው። እሳቸውም «ውሉ የቀጠለው በነበረው ዋጋ ነው፣ ትርፉ ሌላ ዕዳ ነበር» ሊሉ ይችላሉ። ያዋጣሽ እንደሆነ አልምልልሽም፤ ግን ክርክር ነው።

ዋጋ አለው ደግሞ። ፍርድ ቤት ቆመሽ «ኪራዬ 9,000 ነው» ስትዪ፣ ገቢዎች ዘንድ 4,000 ብላችሁ የፈረማችሁበት ወረቀት መሳቢያ ውስጥ ተቀምጧል። ያ ይመጣል። የእኔን ሐሳብ ከጠየቅሽኝ፣ ክስ ከመክፈትሽ በፊት አንድ የሒሳብ ባለሙያ ይዘሽ ሂጂና የኪራይ ገቢ ግብሩን አስተካክዪ። ቅጣት ይኖረዋል፣ አይካድም። ያንን መሸከም ካልፈለግሽ በ4,000 ክሰሺና 36,000ውን ውሰጂ። በሁለቱ መሃል መንገድ አለ የሚልሽ ሰው ካጋጠመሽ ምክሩን በጽሑፍ እንዲሰጥሽ ጠይቂው፤ አይሰጥሽም።

ጣሪያውም አለ። በእርግጥ አሳድሰው ከሆነና ጣሪያው ያፈስ ከነበረ፣ ቤቱን ለሥራ እንዲሆን አድርጎ ማቆየት የአከራይ ዕዳ ነውና ሙግት አታብዢበት። የቆርቆሮውን፣ የምስማሩንና የአናጢውን ደረሰኝ ጠይቂያቸው። ካመጡ ተቀናሽ አድርጊላቸው። ካላመጡ ወሬ ነው።

እስካሁን ስለ ገንዘብ አወራን። ዋናው ግን እሱ አይደለም። አሁን በእጅሽ ያለው ትልቁ ሀብት ውዝፉ ሳይሆን ሱቁ ነው። በየወሩ 9,000 የሚያወጣ ቤት ስድስት ወር ተዘግቶ ሲከራከሩበት 54,000 ብር ይፈሳል። ስለዚህ ዓላማሽ ቤቱን በአጭር ጊዜ ማስለቀቅ ይሁን። ውዝፉን የመደራደሪያ ገንዘብ አድርጊው።

የሚጀመረው በደብዳቤ ነው፣ በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ። ኪራይ ለዘገየበት ተከራይ ሕጉ የሚያዘው ጊዜ ሰጥቶ ማስጠንቀቅን ነው። ውሉ አንድ ዓመትና ከዚያ በላይ ከሆነ ቢያንስ 30 ቀን፣ ከዚያ ካነሰ 15 ቀን። «ያንቺ ውል አብቅቷል፣ 15 ይበቃል» የሚል ጠበቃ አይጠፋም። አንቺ 30 ስጪ። በ15 ቀን ችኮላ ምክንያት መዝገብሽ ተዘግቶ እንደገና ብትጀምሪ ወራት ነው የሚበላብሽ። እንዲህ ይጻፍ፦

«ሙጋድ ለሚገኘው ሱቅ የጥር፣ የካቲት፣ መጋቢት፣ ሰኔ፣ ሐምሌ፣ ነሐሴ 2017 እንዲሁም የመስከረም፣ ጥቅምትና ኅዳር 2018 ኪራይ አልተከፈለም። ይህ ደብዳቤ ከደረሰዎት ቀን ጀምሮ በ30 ቀናት ውስጥ ውዝፉን ሙሉ በሙሉ እንዲከፍሉ እንጠይቃለን። ካልከፈሉ የኪራይ ውሉ የተቋረጠ መሆኑን አውቀው ሱቁን እንዲያስረክቡን እናሳስባለን።»

ይኸው ነው። ስድብ የለ፣ «አባቴ ባመነዎት» የለ። ወራቱን አንድ በአንድ ጥሪ፣ «ወዘተ» አትበይ። በሁለት ቅጂ ይሁን። አንዱ ላይ «ደርሶኛል» ብለው ከነቀኑ ይፈርሙልሽ። አልፈርምም ካሉ ሁለት ሰው ባለበት ጠረጴዛቸው ላይ አስቀምጪና ምስክሮቹ በቅጂሽ ጀርባ ላይ ይፈርሙ። በፖስታ ቤት በአደራ ደብዳቤ ብትልኪም ጥሩ ነው፤ የፖስታ ቤቱ ደረሰኝ ራሱ ማስረጃ ነው።

ማን ይፈርም? ይህን ብዙ ሰው ይዘነጋዋል። ውሉ የአባትሽ ነው። «ከአባትሽ ተከራየሁ እንጂ ከአንቺ አይደለም» ቢሉ መልስ የሚሆንሽ የወራሽነት ማረጋገጫ ነው። ከፍርድ ቤት አውጡ። ቤተሰባችሁ ሙስሊም ስለሆነ ሁላችሁም ከተስማማችሁ ከሸሪዓ ፍርድ ቤትም ማውጣት ትችላላችሁ። ፈቃዳችሁ ግን የግድ ነው፤ አንዳችሁ ካልፈለጋችሁ ወደ መደበኛው ነው። ሱቁ በትዳር የተፈራ ከሆነ እናትሽ ከውርሱ ውጭ የራሳቸው ድርሻ ይኖራቸዋል፣ ስለዚህ ማስጠንቀቂያው ላይ እሳቸውም ይፈርሙ። ወንድምሽ ጅዳ ካለው የኢትዮጵያ ቆንስላ ውክልና ይላክልሽ። ዛሬውኑ ደውዪለት፣ ወረቀቱ እስኪደርስ 30 ቀኑም ይሄዳል። ስትደውዪለት አንድ ነገር ጠይቂው፦ ጋሼ ለእሱ የላኩለት ገንዘብ አለ ወይ? «ለወንድሟ ሰጥቻለሁ» የሚል መከላከያ ችሎት ላይ ከመስማት በስልክ መስማት ይሻላል።

ደብዳቤው ከደረሳቸው በኋላ ሽማግሌ ላኪ። ከዚያ በፊት ግን አይሁን። ወሎ ላይ ነገሩ አብዛኛውን ጊዜ በተቃራኒው ይሄዳል። መጀመሪያ ሽማግሌ፣ ከዚያ ሌላ ሽማግሌ፣ ከዚያ «ለዒድ ታገሺ»፣ እንዲያ እያለ ዓመት ይሞላል። ሽምግልናን ንቄ አይደለም። አበጋር፣ የወሎው አስታራቂ ሽማግሌ፣ ደም ያደረቀበት አገር ላይ የኪራይ ውዝፍ ማድረቅ አያቅትም። ግን ሽማግሌው የሚሠራው ቀን ሲቆጠርለት ነው። 30 ቀኑ እየሮጠ ሲሆን «ኧረ ባክህ ነገሩን ጨርሰው» የሚላቸው ሰው ይሰማል።

ለሽማግሌዎቹ የምትሰጫቸውንም አስቀድመሽ ወስኚ። እኔ ብሆን እንዲህ ነው የምለው፦ «በስድስት ሳምንት ውስጥ ሱቁን አጽድተው ካስረከቡን የሦስቱን ወር ኪራይ ለአባቴ ነፍስ ብዬ እተወዋለሁ፤ የቀረውን በሦስት ጊዜ ይክፈሉ።» ሦስቱ ወር ጥር፣ የካቲትና መጋቢት ቢሆኑ ደስ ይለኛል፣ እነሱ ናቸው ክርክር ያለባቸው። ለእሳቸው ይሄ ምሕረት ነው፣ አንቺም የምታጪው ጥቂት ነው። ስምምነቱ ግን በቃል አይቅር። በዱዓ ብቻ ተበትናችሁ ከተለያያችሁ እንደገና እዚሁ ነን። ይጻፍ፣ የመልቀቂያው ቀን ይጠቀስ፣ ሁሉም ይፈርም። ክሱ ተከፍቶ ከሆነ ደግሞ ስምምነቱን ለፍርድ ቤቱ አቅርባችሁ መዝገብ ላይ አስጽፉት። ያኔ እንደ ፍርድ ስለሚፈጸም አዲስ ክስ አያስፈልግሽም።

አልሆነም እንበል። 30 ቀኑ አለቀ፣ ጋሼ አሁንም መደርደሪያው ኋላ ተቀምጠው ሻይ ይጠጣሉ። ሱቁ በሚገኝበት ወረዳ ፍርድ ቤት ትከሻለሽ። ክሱ ላይ ሦስት ነገር አንድ ላይ ይጠየቅ፦ ቤቱን ይልቀቁልን፣ ውዝፉን ይክፈሉን፣ ቤቱን እስከሚያስረክቡበት ቀን ያለውንም ኪራይ ይክፈሉን። ሦስተኛውን ብዙ ሰው ይረሳዋል። ያልጠየቅሽውን ዳኛ አይሰጥሽም፤ ክርክሩ ስምንት ወር ከወሰደ የስምንት ወር ኪራይ አየር ላይ ይቀራል። ሕጋዊ ወለዱንም፣ በዓመት 9 በመቶ፣ አብረሽ ጠይቂ። የኪራይ ውሉ የቴምብር ቀረጥ ካልተከፈለበት አስቀድመሽ ክፈዪ፣ አለበለዚያ «ማስረጃ አይሆንም» የሚል ነጥብ በነፃ ትሰጫቸዋለሽ። በዚህ መሃል ጨርቁን ጭነው ሊጠፉ ነው የሚል ተጨባጭ ምልክት ካየሽ ንብረቱ ከፍርድ በፊት እንዲከበር ማመልከት ይቻላል። ተጨባጭ ስል ዕቃው ሲጫን ያየ ሰው ማለቴ ነው፤ ጥርጣሬ አይበቃም።

ብትረቺም ያ ቀን ሱቁ የሚለቀቅበት ቀን አይደለም። የአፈጻጸም መዝገብ ይከፈታል፣ እሳቸውም ይግባኝ ብለው እግድ ሊያመጡ ይችላሉ። ለዚህ ነው ስለ ሽማግሌው ያን ያህል የለፈለፍኩት።

የሚለቁበት ቀን ሲመጣ የርክክብ ወረቀት ይዘጋጅ። የመብራት ቆጣሪውን ንባብ ጻፉ፣ ግድግዳውንና ጣሪያውን በስልክ አንሺ፣ ስንት ቁልፍ እንደተመለሰ ቁጠሪ። ጓጉንቸሩን የዚያን ዕለት ከሰዓት በኋላ ቀይሪ፤ ያኔ ማንም አይጠይቅሽም።

የአጎትሽ ልጅ ደግሞ፣ ነገ ጠዋት የሰኞ ገበያው ግርግር ሳይጀምር ደብዳቤውን ይዞ ይሂድ። ሁለት ምስክር ያስከትል፣ ለጋሼም ተጎንብሶ ሰላምታ ይስጥ። ጓጉንቸሩን ቤት ትቶት ይሂድ።